አጥብቄ ያነበብኩት የመሬት ስም

ጡረታ የወጣሁት በሰኔ መጨረሻ ነው። መሥሪያ ቤቱ ጋቢ አለበሰኝ፤ በመስተዋት የገባ የምስጋና ወረቀት ሰጠኝ፤ የቢሮው ልጆችም አጨበጨቡልኝ። ጭብጨባው ሳያልቅ ዝናቡ ቆርቆሮውን ደበደበውና ሁሉም ወደየቤቱ ሮጠ። እነሱ የሮጡት እንዳይበሰብሱ ነው። እኔ የሮጥኩት ፈርቼ ነው፤ ማንን ፈርተህ ቢሉኝ ግን የምጠቁመው ሰው አልነበረኝም።

ዛሬም እንደዚያው ነኝ። ላሊበላ ቤቴ ቁጭ ብዬ ሰማዩ ሲጠቁር እነሣለሁ፤ ወደ በሩ እሄዳለሁ፤ እመለሳለሁ። ባለቤቴ "አሁንስ አበዛኸው፤ ጣራው አያፈስ፣ ምን ሆንክ?" ትለኛለች። የምፈራው ጣራውን አይደለም፤ መሬቱን ነው። ዕድሜ ልኩን መሬት ሲለካ የኖረ ሰው መሬት ፈራ ሲባል ያስቃል። እኔም በሌላ ሰው ባየው እስቅ ነበር። ስለዚህ ከመጀመሪያው ልንገራችሁ።

ትውልዴ ኩልመስክ ነው። ሥራ የጀመርኩት በሰንሰለት ጎታችነት ነው። ዛሬ ወጣቶቹ ታብሌታቸውን ይዘው ማሳውን አንዴ ዞረው ይጨርሱታል። እኛ ያኔ የብረት ሰንሰለት ይዘን፣ አንዳችን ከፊት አንዳችን ከኋላ፣ ቀይና ነጭ የተቀባ እንጨት እየተከልን ገደል ስንወርድና ስንወጣ እንውል ነበር። ደመወዙ ጫማ አይገዛም፤ ሥራው ደግሞ ጫማ ይጨርሳል። አለቆች መጡ፣ አለቆች ሄዱ። አንዱ መስመር ሁሉ ቀጥ እንዲልለት የሚፈልግ ነበር፤ የላስታን ተራራ በማስመሪያ ሊያቃናው ምን ቀረው! ሌላው ማኅተሙን ሰው እንዳይነካበት ለቅሶ ቤት ሳይቀር በኪሱ ይዞት ይሄድ ነበር። ሁለቱም ክፉ ሰዎች አልነበሩም፤ ግን ከሁለቱም የተማርኩት ነገር የለም።

ሰው ያደረጉኝ ቀያሹ አቶ ታረቀ ናቸው። አጭር፣ ደንዳና፣ ኪሳቸው ሁልጊዜ ቆሎ የማያጣ ሰው ነበሩ። በልጅነታቸው ቅኔ ቤት ገብተው፣ አቋርጠው ወጥተው፣ ኋላ ዘመናዊ ትምህርት የተማሩ ናቸው። ቅኔውን አቋርጠው ይውጡ እንጂ ቅኔው ከእሳቸው አልወጣም። አንድ ቃል ሲሰሙ እንደ ቆሎው አፋቸው ውስጥ ያመላልሱታል።

የአሠራር ልማዳቸው ሌሎቹን ቀያሾች ያሰለች ነበር። አንድ ቦታ ስንደርስ የመሣሪያው እግር መሬት አይነካም፤ መጀመሪያ የቦታው ስም ይጠየቃል። የሚጠይቁትም ሦስት ሰው ነው፦ መሬቱን የሚያርስ ሰው፣ ከአካባቢው ውኃ የምትቀዳ ሴት፣ ከደብሩ ደግሞ ያረጀ ካህን። ሰውየው ስሙን ሲናገር አቶ ታረቀ ጀርባቸውን ይሰጡታል። መጀመሪያ ንቀት መስሎኝ አፍሬ ነበር። ኋላ ስጠይቃቸው፣ "ፊቱን ካየሁ የማውቀውን ነው የምሰማ፤ ጀርባዬን ስሰጠው የሚለውን እሰማለሁ" አሉኝ። ከዚያ ስሙን በጥቁር ይጽፋሉ፤ ከጻፉት ፊደል በላይ ደግሞ በቀይ እርሳስ ትንሽ "ጠ" ወይም ትንሽ "ላ" ያስቀምጣሉ። ጠብቆ የሚነበበውና ላልቶ የሚነበበው ፊደል እንዳይምታታ ነው።

ፊደላችን ይህን ይደብቃል። አንባቢ ሁሉ ያውቀዋል፤ ግን ስለለመደው አያስበውም። ከነአኩቶ ለአብ በታች ሁለት ገበሬዎች በወሰን ተጣልተው ለመፈናከት ደርሰው ነበር። የድሮው ወረቀት ወሰናቸው "ሰፊ ዋሻ" ነው ይላል። አንደኛው ትልቁን ዋሻ አሳየን፤ ሰፊ ነው፣ መንጋ ያሳድራል። ሌላው "እሱ አይደለም" ብሎ ሙጭጭ አለ። አለቃችን ሊፈርድበት ሲል አቶ ታረቀ ውኃ ቀድተው የሚመለሱ አንዲት እናት አስቆሙና ጀርባቸውን ሰጡ። ሴትዮዋ ሳቁ። "ኧረ የልብስ ሰፊው ነው! ድሮ አንድ ሰፊ መኪናውን ይዞ ዝናብ የተጠለለባት ናት። ዋሻዋማ ለፍየልም አትበቃ!" አሉ። ነገሩ በዚያው አለቀ። ያን ቀን አቶ ታረቀን እንደ ጠንቋይ ነው ያየኋቸው።

ወደ ዝላቋ የሄድነው በጥር ነው። ዝላቋ ከብልባላ ማዶ ግማሽ ቀን በእግር የምታስኬድ ትንሽ መንደር ናት፤ ካርታ ላይ በጣት ብትሸፍኗት ትጠፋለች። ከላይ ቀጥ ያለ ገደል አለ። በገደሉ ወገብ ላይ ወጣ ባለ አለት ላይ ቤተ ክርስቲያኑ ተቀምጧል፤ ቤቶቹ በአለቱ ዙሪያ ተጠጋግተው ይታያሉ። ከዚያ በታች ሰፊ ሜዳ አለ፤ ከሜዳው ጫፍ ወዲያ መሬቱ ተቆርጦ ወንዙ ድረስ ይወርዳል። በጥር ድርቅ አገሩ ሁሉ ሲገረጣ ያ ሜዳ አረንጓዴ ነበር። ምንጮች ከሥሩ ይፈልቃሉ፤ ሣሩ እስከ ጉልበት ነው። የቤቶቹ መጠጋጋትና የሜዳው ባዶነት አልገባኝም። ያን የመሰለ ቦታ ትተው አለት ላይ ተቆላልፈው መኖራቸው ስንፍና መስሎኝ ነበር።

የደብሩ አዛውንት ቄስ የመንደሩን ታሪክ ነገሩን። የዝላቋ ስም የአገው ነው፤ መጨረሻው ላይ ያለው "አቋ" ውኃ ማለት ነው ይባላል፤ የቀረውን ግን እሳቸውም አያውቁትም። መንደሩ ሦስት ጊዜ ቦታ ቀይሯል። የመጀመሪያዎቹ ሰዎች ወንዙ አጠገብ ነበሩ፤ ቀጥለው ሜዳው ላይ ሰፈሩ፤ በመጨረሻ ወደ አለቱ ወጡ። "ለምን ወጡ አባ?" ብዬ ስጠይቃቸው "አላስቀምጥ ብሏቸው" አሉ። እኔም ሽፍታ ይሆናል ብዬ አለፍኩት።

አቶ ታረቀ የሜዳውን ስም የጠየቁት ወይዘሮ ብርቄ የሚባሉ፣ ያኔ ወደ አርባዎቹ የሚጠጉ፣ እንስራ ያዘሉ ሴትን ነበር። ጀርባቸውን ሰጥተው "ይኼ ከታች ያለው ሜዳ ማን ይባላል?" አሏቸው።

"የሚበላ ነው የምንለው" አሉ ወይዘሮ ብርቄ።

አሁን ይህን ቃል እንዴት እንዳነበባችሁት አላውቅም። ወይዘሮ ብርቄ አላልተው ነው ያሉት። ሰው ምግብ ይበላል እንደምንለው፣ በላተኛው ራሱ ሜዳው ነው። አቶ ታረቀ ጀርባቸውን እንደሰጡ ደግመው ጠየቁ።

"ማንን ነው የሚበላ?"

"ያገኘውን ነዋ ጌታው! የአያቴን አውድማ ከነነዶው በልቶታል። ከዚያ ወዲያ ቤት የሠራበት የለም። ከብት እንኳ በበጋ ነው እንጂ በክረምት አናሰማራበትም።"

አቶ ታረቀ በቀይ እርሳሳቸው "በ" ላይና "ላ" ላይ ሁለት ትንንሽ "ላ" ጻፉ። ከዚያ ወደ ሜዳው ጫፍ ወርደው ተረከዛቸውን መሬቱ ላይ ጫን አደረጉ። እግራቸውን ሲያነሡ የተረከዛቸው ቦታ ውኃ ሞላ። በጥር! ቀና ብለው እዚያ የበቀሉትን ዛፎች አዩ። የወይራዎቹ ግንድ ሁሉ ከሥሩ ወደ ወንዙ ተቆልምሞ፣ ከዚያ ቀና ብሎ ያደገ ነው። ፊታቸው አመድ ሲመስል አየሁ።

"ዕቃውን አንሣ" አሉኝ።

"ሳንለካ?"

"ከአለቱ ላይ ሆነን እንለካዋለን። ዛፎቹን አየሃቸው? መሬቱ ሲሄድ እነሱም አብረው ሄደው ነው የበቀሉት። ያለነው የሚጓዝ መሬት ላይ ነው።" ጥቂት እርምጃ ሄደው ዞር አሉ። "እኔ ፈርቻለሁ ውብሸት። አንተም ፍራ።"

አልፈራሁም። ሃያ ምናምን ዓመቴ ነበር፤ ሰንሰለት ስጎትት ገደል ያደግኩበት ይመስለኝ ነበር። እንዲያውም ማታ ለጓደኞቼ "ሽማግሌው ሣር ፈሩ" ብዬ አስቄባቸዋለሁ።

ዓመታት አልፈው አቶ ታረቀ በሕመም ጡረታ ወጡ። እኔም አድጌ ቀያሽ ሆኜ የእሳቸው ጠረጴዛ ላይ ተቀመጥኩ። አዲስ ቅጽ መጣና የድሮዎቹ ማስታወሻዎች ሁሉ ወደዚያ እንዲገለበጡ ታዘዘ። የእጅ ጽሑፌ ያማረ ነው ይባልልኝ ነበርና ሥራው ለእኔ ተሰጠ። ቅጹ ላይ የስም ቦታዋ ጠባብ ናት። የአቶ ታረቀ ቀያይ ምልክቶች ደግሞ ባማረው ጽሑፌ ላይ እድፍ መስለው ታዩኝ። መጀመሪያ ቀን አስገባኋቸው፤ በሁለተኛው ቀን አልፎ አልፎ አስገባሁ፤ በሦስተኛው ተውኳቸው። ሰው አላዘዘኝም፤ ሰው አልከለከለኝም። ወረቀቱ እንዲያምርልኝ ብዬ ነው። ይህን ስጽፍ ፊቴ ይግላል።

አቶ ታረቀን ልጠይቃቸው ኩልመስክ ሄጄ አልጋቸው አጠገብ ተቀመጥኩ። ድምፃቸው ደክሟል። ስለ ደመወዝ አልጠየቁኝም፣ ስለ አለቃም አልጠየቁኝም።

"ምልክቶቹን አስገባሃቸው?"

"አዎ ጌታዬ፤ አንዲት አልቀረችም" አልኳቸው።

ጨበጡኝ። በዓመቱ አረፉ። ማስታወሻቸው በመሥሪያ ቤቱ ሣጥን ውስጥ ብዙ ጊዜ ኖረ፤ ጦርነቱ አልፎ ወደ ቢሮ ስንመለስ ሣጥኑ ባዶ ነበር። ከዚያ ወዲያ በዓለም ላይ የቀረው የእኔ ያማረ ግልባጭ ብቻ ሆነ።

ወደ ከባዱ ነገር መጣሁ። መሬት የሌላቸው ወጣቶች በዙና ቤት የሚሠሩበት ቦታ ይፈለግላቸው ተባለ። ቦታ የሚመርጠው ኮሚቴ መዝገቡን ዘርግቶ ሲያይ ከመካከላቸው አንድ ወጣት ባለሙያ ጣቱን አንድ መስመር ላይ አሳረፈ። "ጋሽ ውብሸት፣ ይኼ ዝላቋ ያለው እንዴት ያለ ቦታ ነው?" አለኝ።

መነጽሬን አድርጌ የገዛ እጄን ጽሑፍ አነበብኩ፦ "የሚበላ"። አጥብቄ አነበብኩት። ገበታ ላይ እንደሚቀርብ እህል፣ እንደ ምግብ። በስንት መቶ ስም መካከል የወይዘሮ ብርቄ ድምፅ ጠፍቶብኛል፤ ትዝ ያለኝ የሜዳው አረንጓዴነት ብቻ ነው። ኮራም አልኩ መሰለኝ። "ስሙ ይናገራል እኮ! ለም ነው፤ በጥር እንኳ ሣሩ አይደርቅም" አልኩት። ባለሙያው ምልክት አደረገበት። የዝላቋ ሽማግሌዎች ተቃውመዋል ሲባል "ግጦሻቸውን ሊያስቀሩ ነው" ከሚሉት አንዱ እኔ ነበርኩ።

ጡረታዬ ሁለት ወር ሲቀረው በግንቦት የወሰን ድንጋዮችን እንዳይ ዝላቋ ተላክሁ። ሜዳው ላይ አሥራ ሰባት ቤት ቆሟል። ቆርቆሮው ያብረቀርቃል፤ በየደጁ ባሕር ዛፍ ተተክሏል። ደስ ብሎኝ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ስወጣ በበሩ ጥግ አንዲት ቆብ የደፉ አረጋዊት መቋሚያ ይዘው ተቀምጠዋል። እጅ ነሣሁ። ትኩር ብለው አዩኝ።

"አንተ የዚያ የባለ ቀይ እርሳሱ ሰውዬ ሎሌ አይደለህም?"

ወይዘሮ ብርቄ ነበሩ፤ መንኩሰው እማሆይ ብርቄ ሆነዋል።

"ነኝ እማሆይ። እንደምን ሰነበቱ?"

"እግዜር ይመስገን። እኔስ ቆሜያለሁ። ምነው ታዲያ፣ እኒያ ጌታ ጀርባቸውን ሰጥተው ሁለት ጊዜ ጠይቀውኝ ጽፈውት አልነበር? ምነው ሰው አሰፈራችሁበት?"

"ምን ነበር ያሏቸው?"

"የሚበላ ነዋ!"

አላልተው አሉት። እዚያው ደጁ ላይ ቁጭ አልኩ። የአቶ ታረቀ ተረከዝ፣ የሞላው ውኃ፣ የተቆለመሙት ወይራዎች፣ ሁሉም ባንድ ጊዜ መጡብኝ። እማሆይ ውኃ አስመጡልኝ።

"የልጅ ልጄ ሞላም እዚያ ነው የሠራ" አሉኝ። "አባቱ ከሞተ እኔ ነኝ ያሳደግሁት። ግንበኛ ነው። ሚስት አግብቶ መሬት ቢሰጡት ጊዜ እንቢ በል አልሁት። 'መንግሥት በወረቀት የሰጠኝን እማሆይ በተረት ሊነጥቁኝ' ብሎ ሳቀብኝ። ቤቱን አልረገጥሁለትም።"

ወደ ሞላ ቤት ወረድኩ። ቀጭን፣ ሳቂታ፣ እጁ በጭቃና በድንጋይ የሻከረ ሰው ነው። ቤቱ ያማረ ነው፤ ድንጋዩን ጠርቦ ነው የገነባው። "አንድ ነገር ብቻ አስቸገረኝ ጋሼ" አለኝ። "በሩ አልገጥም አለ። ሁለት ጊዜ ላግሁት። ግንቡም እዚህ ጋ ይሰነጠቃል፤ ብለስነው ተመልሶ ይሰነጠቃል። በሥራዬ እንዲህ ያለ ነገር ገጥሞኝ አያውቅም፤ አፈርሁ እኮ!" በግንቡ እያፈረ ነው! ከቤቱ ጀርባ ዞርኩ። መሬቱ ላይ እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ አለ፤ ከሞላ ቤት ተነሥቶ ከአሥራ ሰባቱም ቤት ኋላ ያልፋል። ከስንጥቁ ወዲህና ወዲያ ሁለት ካስማ ተክዬ ሲባጎ አላልቼ አሠርኩባቸው። በአራተኛው ቀን ተመልሼ ሳየው ሲባጎው እንደ ክራር ጅማት ጠብቋል። ዝናብ ገና አልጀመረም ነበር።

አለቃዬ ዘንድ ገባሁ። ወጣት ነው፤ ያከብረኛል። ሁሉንም ነገርኩት። መዝገቡን አውጥቶ ፊቴ ዘረጋው። "ጋሽ ውብሸት፣ ይኼ የእርስዎ እጅ ነው። ምን ምልክት አለበት? የጻፉትን ነው የምናምን ወይስ የሚሉትን?" አለኝ። ክረምቱ ሲያልፍ አጥኚ ይላካል ተባለ። ከዚያ ጋቢው፣ ጭብጨባው፣ ዝናቡ።

ሐምሌን ላሊበላ ያሳለፍኩት በሲኦል ነው። በዘነበ ቁጥር የሞላ በር ይታየኛል። ምግብ አልወርድ አለኝ። ፍልሰታ ሲያዝ አልቻልኩም፤ ጋቢዬን ለብሼ በጭቃው ወደ ዝላቋ ሄድኩ። ቄሱን ለምኜ ከቅዳሴ በኋላ በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ሕዝቡ ፊት ቆምኩ። ስሙን የገለበጥኩት እኔ መሆኔን፣ ምልክቱን የተውኩት እኔ መሆኔን፣ ኮሚቴው ሲጠይቅ ለም ነው ያልኩት እኔ መሆኔን ተናገርኩ። "ቤቱን ትታችሁ ወደ አለቱ ውጡ፤ ዝናቡ እስኪያባራ ብቻ" አልኩ።

አንዱ ሰፋሪ ተነሣ። "ሲሰጡን የሚበላ፣ ሲነጥቁን የሚበላ!" አለ፤ የመጀመሪያውን አጥብቆ፣ ሁለተኛውን አላልቶ። ሰዉ ሳቀ። እኔም በሌላ ቀን ቢሆን እስቅ ነበር፤ ቀልዱ ጥሩ ነበር። ሞላ ግን አልሳቀም።

"ጋሼ፣ እርግጠኛ ነዎት?"

"አይደለሁም። ፈርቻለሁ ነው የምልህ።"

እማሆይ ብርቄ መቋሚያቸውን ተደግፈው ተነሡ። "ይኼ ሰው ሽማግሌ ነው፤ ጡረታውን ይዞ ቤቱ መተኛት ሲችል መጥቶ ራሱን ያዋረደ ለምን ይመስላችኋል?" አሉ። ያ ሥራ ሠራ። በዚያው ቀን ስድስት ቤት ወጣ፤ በሦስተኛው ቀን ሁሉም። አንዳንዱ ዘመድ ቤት ገባ፤ የቀሩት በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ሸራ ወጠሩ። ሞላም ሚስቱን ይዞ እማሆይ ዘንድ መጣ።

ከዚያ ምንም አልሆነም። ዘነበ፣ ዘነበ፤ ሜዳው ዝም አለ። ስምንት ቀን፣ ዘጠኝ ቀን። ልጆች በሸራው ውስጥ ያስላሉ። ሰዎች ሲያልፉ በዓይናቸው ይሸነቁጡኛል። አንዱ "የፈራ ሰው ተከትለን" ሲል ሰማሁ። ራሴን ተጠራጠርኩ። በአንድ በኩል ይናድ ብዬ ልመኝ ምን ቀረኝ! ይህንንም መናገር አለብኝ።

በአሥራ አንደኛው ቀን ፀሐይ ወጣ። ሕዝቡ ለቅዳሴ ገብቶ ነበር። ሞላ አለቱ ጫፍ ላይ ካለሁበት መጣና "ጋሼ፣ ቆርቆሮዬን ልንቀል። ዝናብ ሳይመለስ አወጣዋለሁ፤ እንጨቱን ተውኩት" አለኝ።

አትሂድ ማለት ነበረብኝ። መሬት የሚሄደው ዝናብ ሲዘንብ ብቻ አይደለም፤ ውኃው ሰርጎ ከጨረሰ በኋላም ነው፤ ይህን አውቃለሁ። ግን አሥራ አንድ ቀን አፍሬ ነበር። ያን ሁሉ ሰው ከቤቱ አውጥቼ አንዲት ድንጋይ አልተንከባለለችም። በዚያ ላይ ሌላ ሰው ልከልክል? "ቶሎ ተመለስ" አልኩት። ልከተለው ተነሣሁ፤ እግሬ ተሳሰረ። አልሄደልኝም። ቆሜ አየሁት።

አራት ቆርቆሮ ነቅሎ አወረደ። አምስተኛውን ሲይዝ ከሜዳው ሥር ያሉት ምንጮች ጸጥ አሉ። ቀኑን ሙሉ የሚሰማ ድምፅ ሲቋረጥ ነው ሰው የሚያስተውለው። ጮህኩ። ሞላ ከጣራው ላይ ቀና ብሎ እጁን ግንባሩ ላይ አድርጎ አየኝ፤ የጠራሁት መስሎታል። ባሕር ዛፎቹ እንደቆሙ መራመድ ጀመሩ። ቤቱም አልፈረሰም፤ ሞላን ጣራው ላይ እንደያዘ፣ በሩ እንደተዘጋ፣ ሄደ። እሱም እንደቆመ ሄደ። ከዚያ የሜዳው ጫፍ ተቆረጠና ሁሉም ወደ ወንዙ ወረደ። ድምፁ የመጣው ኋላ ነው፤ እስካሁን ቆርቆሮ ላይ ዝናብ ሲወርድ የምሰማው እሱን ነው። ሕዝቡ ከቅዳሴ እየሮጠ ወጣ፤ "እግዚኦ!" የሚለው ጩኸት ገደሉን ሞላው። ከአሥራ ሰባቱ ቤት አንድም አልቀረም።

አስከሬኑ አልተገኘም። ለቅሶው አለቱ ላይ ነበር። እማሆይ ብርቄ ፊት ተንበረከክኩ፤ ይራገሙኛል ብዬ። ራሴን በእጃቸው ያዙት።

"አንተ ባትጽፍ እዚያ አይሠራም ነበር" አሉኝ። "አንተ ባትመጣ ደግሞ ይኼ ሁሉ ሕዝብ አብሮት ያልቅ ነበር። አንዱን በአንዱ አልሰርዝልህም። ሁለቱንም ተሸከም።"

ተሸክሜያለሁ።

ባለፈው ሚያዝያ ያ ወጣት ባለሙያ ቤቴ መጣ። ቦታው "ሰው የማይሰፍርበት" ተብሎ በአዲሱ ካርታ ሊገባ ነው፤ ታብሌቱ ላይ ግን ጠብቆና ላልቶ የሚለይበት ምልክት የለም፤ ምን እናድርግ አለኝ። አብረን ዝላቋ ወጣን። እማሆይን አለቱ ጫፍ ላይ ተቀምጠው አገኘናቸው። ፊቴን አዞርኩ፤ ጀርባዬን ሰጥቼ የሜዳውን ስም ጠየቅኋቸው።

"ስሙማ ተለወጠ" አሉ። "አሁን 'የበላ' ነው የምንለው።"

ባለሙያው ጻፈው። ቀና ብሎ እንዴት እንደሚነበብ ጠየቀኝ። ይኼኛውን ማንም ተሳስቶ እንደማያነበው ነገርኩት።